ጠጥቶ ነው በሉ

በሲኒማ መዝገበ ዕውቀቱ ውስጥ ስለ አባቴ የተጻፈው ስድስት መስመር ነው። ከአርባ በላይ ፊልም ለሠራ ሰው ስድስት መስመር። ከእሱ በላይ የሰፈረው ሰውዬ አንድም ቀን ካሜራ ፊት ሳይቆም ስለ ካሜራ ንግግር ሲያደርግ ያረጀ ኃላፊ ነው፤ ለእሱ አንድ ገጽ ተኩል ከነፎቶግራፉ ሰጥተውታል። እንዲህ ያለ ነገር ሳይ ደሜ ይፈላል። ሠላሳ ዓመት በጋዜጣ ላይ ከሰው ጋር ስጣላ የኖርኩ ሴት ነኝ፤ ከሚኒስትር ጋር ተጣልቻለሁ፣ ከጳጳስ ጋር ተጣልቻለሁ፣ ከገዛ አለቃዬ ጋርማ በየሳምንቱ ነበር። ለአባቴ ስድስት መስመር ግን አንድም ቀን ብዕር አንስቼ አላውቅም።

ከስድስቱ ሁለቱ ስህተት ናቸው። አንደኛው ሳራቶቭ ተወለደ ይላል፤ የተወለደው ሲዝራን ነው። ሌላኛው የመጨረሻው መስመር ነው፤ «በመጠጥ ምክንያት ከሲኒማ ሥራ ተለየ» ይላል። አሁን አዲስ እትም ሊወጣ ስለሆነ ገጹን ልከውልኛል፤ ልጁ ነሽና አርሚ ተብዬ። ሲዝራንን ጽፌያለሁ። ከዚያ ወዲህ እርሳሱ እጄ ላይ እንዳለ ሁለት ሰዓት አልፏል።

አባቴን ኢግናት ሳቬልዬቪች ዱብራቪን ብዬ ልጥራው። ስሙ ይህ አይደለም። በዚህ ስም የሚጠራ ተዋናይ ብትፈልጉ አታገኙም፤ እንዳታገኙም ነው የቀየርኩት። ሌሎቹንም ስሞች፣ ከተሞቹንም ሳይቀር ቀይሬያለሁ።

አባቴ ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ የተጫወተው ፊልሙ ሳይጋመስ የሚሞቱ ሰዎችን ነው። መርከበኛ ሆኖ ሰጥሟል፣ የማዕድን ቆፋሪ ሆኖ ተቀብሯል፣ በታይፈስ ሞቷል፣ አንዴ ደግሞ በመብረቅ። አንደኛ ክፍል ሳለሁ አስተማሪያችን የአባቶቻችንን ሥራ ስትጠይቀን፣ የሌሎቹ ልጆች አባቶች ሹፌርና መሐንዲስ ሲሆኑ እኔ ተነስቼ «የእኔ አባት ይሞታል» አልኩ። አስተማሪዋ ደነገጠች። «ለእራት ግን ይመጣል» ብዬ አረጋጋኋት።

ሰው ሁሉ የሚያውቀው በአንድ ፊልም ነበር፤ የሚቃጠል ባቡር እየነዳ ከመንደር ያወጣውን ሹፌር ሆኖ የሠራበት። ከዚያ በኋላ ትራም ውስጥ ተሳፍሮ ጥግ ይዞ መቀመጥ ቀረ። የማያውቁት ሰዎች ትከሻውን መታ እያደረጉ «የባቡሩ ሰውዬ፣ ና እስቲ አንድ እንበል» ይሉታል። ጨጓራዬን ያመኛል ይላቸዋል። ማንም አያምነውም። በዚያ ሰፊ አገር እንደ አባቴ ብዙ መጠጥ ተጋብዞ እንደ አባቴ ብዙ መጠጥ እንቢ ያለ ሰው መኖሩን እጠራጠራለሁ። በአዲስ ዓመት ምሽት ግማሽ ብርጭቆ ቮድካ ይይዝና እስከ ንጋት ይዞት ይዞራል፤ ጠዋት እናቴ ያንኑ ግማሽ መታጠቢያው ውስጥ ትደፋዋለች።

በአርባ ዘጠኝ ዓመቱ የማይሞትበት ፊልም አገኘ። በጦርነቱ ዘመን ሰዎችን በቮልጋ ላይ የሚያሻግር ጀልበኛ ነበር የሚጫወተው፤ ከመጀመሪያው ትዕይንት እስከ መጨረሻው እሱ ነው። ዳይሬክተሩ ኮንድራት ፔትሮቪች ይባላል፤ ከአባቴ ጋር በአንድ ክፍል የተማረ፣ መላጣ፣ ትልልቅ እጅ ያለው ሰው። በጋውን ወንዙ ዳር ቀረጹት። የአባቴ ፊት እስኪጠቁር ፀሐይ መታው። ነፋሱና የጀልባዎቹ ሞተር ድምፁን ስላበላሹት፣ ንግግሩ በሙሉ በበረዶው ወራት ሞስኮ ተመልሰው በአዳራሽ ውስጥ እንደገና ሊቀዳ ተወሰነ። ያኔ በእኛ አገር አብዛኛው ፊልም የሚሠራው እንዲህ ነበር፤ መጀመሪያ ፊትህን ይወስዳሉ፣ ከወራት በኋላ ድምፅህን ይወስዳሉ።

በመስከረም አባቴ አንድ ጨዋታ ጀመረ።

ማታ ከትምህርት ቤት ስመለስ ወጥ ቤት ተቀምጦ ይጠብቀኛል። ምድጃው ላይ ወደተጣደው ይጠቁምና «ታስያ፣ ይሄ ምንድን ነው?» ይለኛል።

«ማንቆርቆሪያ።»

«ይሄስ?»

«ጨው።»

«እጄ ላይ ያለውስ?»

«ጓንት ነዋ፣ አባዬ። ከባድ ጠይቀኝ።»

«ከባድ ነው እኮ» ይልና ይስቃል። በግራ በኩል ብቻ። እኔ ይህን አዲስ ሳቅ ወደድኩት፤ ከፊልም ያመጣው መስሎኝ መስታወት ፊት ቆሜ ተለማመድኩት። ቃሉን ስነግረው ቀስ ብሎ ይደግመዋል፣ ኪሱ ውስጥ የሚከት ይመስል። የእኔን እውቀት የሚፈትን መስሎኝ እየፈጠንኩ እመልስ ነበር። ማንቆርቆሪያ፣ ጨው፣ ጓንት፣ መጋረጃ። ዘጠኝ ዓመቴ ነው፤ በአንድም ጥያቄ ተሳስቼ አላውቅም።

ያን ሰሞን ማንኪያ ከእጁ መውደቅ ጀመረ። እናቴ ሪማ መድኃኒት ቤት ነው የምትሠራው። ማንኪያው በወደቀ ቁጥር ጎንበስ ብላ ታነሳለች፣ ታጥባለች፣ መልሳ እጁ ላይ ታስይዘዋለች፤ ከዚያ የአባቴን ጽሑፍ አውጥታ መስመር በመስመር ታስጠናዋለች። እኔ በአንድ ሳምንት የጀልበኛውን ንግግር ከዳር እስከ ዳር በቃሌ ያዝኩት። አባቴ አልያዘውም።

በታኅሣሥ የድምፅ ቀረጻው ሊጀመር በነበረበት ጠዋት፣ እናቴ የጥርስ ማጠቢያው ብርጭቆ ውስጥ ቮድካ ስትቀዳ አየኋት። ለአባቴ ሰጠችው።

«እንዳትውጠው» አለችው። «ለደምህ ጥሩ አይደለም።»

አፉን ተጉመጠመጠ፣ ተፋ። እንደገና ተጉመጠመጠ፣ ተፋ። እናቴ የቀረውን በጣቷ እየነከረች እንደ ሽቶ ኮሌታው ላይ ቀባችው። በሩ ላይ ቆሜ ስታየኝ ብርጭቆውን ከኋላዋ ደበቀችው።

«ጥርሱን ያመዋል» አለችኝ።

«ኮሌታውስ ምን ሆኖ ነው?»

«ኮሌታዬንም ያመኛል» አለ አባቴ። በጣም ቀስ ብሎ ነው ያለው፣ ግን አለው፤ ሁለታችን ሳቅን። እናቴ ፊቷን ወደ መታጠቢያው አዙራ ብርጭቆውን ስታጥብ ቆየች። ለአንዲት ብርጭቆ ብዙ ውሃ ፈሰሰ።

ትምህርት ቤት በጊዜ የምንለቀቅበት ሳምንት ስለነበር አባቴ ከዚያ ወስዶ ወደ ቀረጻው ይዞኝ ሄደ። አዳራሹ መስኮት የለውም፤ ግድግዳው ወፍራም ጨርቅ የለበሰ ነው፤ ሲናገሩበት ድምፅ ከአፍ ወጥቶ እዚያው ይሞታል። አቧራና የሞቀ አምፖል ይሸታል። ፊልሙን በግማሽ ደቂቃ በግማሽ ደቂቃ ይቆርጡትና የአንዱን ቁራጭ ጫፍና ጫፍ ያጣብቁታል፤ ስለዚህ አያልቅም፣ እንደ ቀለበት ይዞራል። ተዋናዩ ከታች ማይክሮፎኑ ጋ ቆሞ፣ ከላይ ሸራው ላይ የራሱን አፍ እያየ ቃሉን ልክ አፉ ላይ ማስቀመጥ አለበት። ካልተሳካ ቀለበቱ ይዞራል፤ እንደገና ይሞክራል።

ከላይ የበጋው አባቴ ነበር። ገመዱን እየጎተተ ወደ ወንዙ ዳር ዞር ይልና ጥቅል ለያዘች አሮጊት «ይግቡ እማማ። እጅዎን ይስጡኝ። ዛሬ ወንዙ ዝም ብሏል» ይላታል። ይላታል ማለቴ ከንፈሩ ይንቀሳቀሳል፤ ድምፅ የለውም።

ከታች የታኅሣሡ አባቴ ወረቀቱን በሁለት እጁ ይዞ ቆሟል።

«ይግቡ» አለ። ከላይ ያለው አፉን ዘግቶ ነበር።

ቀለበቱ ዞረ።

«ይግቡ እማማ። እጅ…»

ዞረ።

«ይግቡ። እማማ። እጅዎን።» ቃላቱ ከሌላ ክፍል ተጠርተው የሚመጡ ይመስሉ ነበር። የበጋው አባቴ አልጠበቀውም። በየግማሽ ደቂቃው ያው ገመድ፣ ያችው አሮጊት፣ ያው ዞር ማለት። እኔ ሳቄ መጣ። አሮጊቷ ጀልባው ላይ እንዳትወጣ ሆን ብሎ የሚያስቀራት መሰለኝ፤ እኔን ለማሳቅ። ጮክ ብዬ ሳቅኩ። አባቴ ወደ እኔ ዞረና በግራው በኩል ፈገግ አለልኝ።

ዛና የምትባል የዳይሬክተሩ ረዳት ነበረች፤ ሲጋራ ያጎረነነው ድምፅ ያላት፣ ቀልደኛ። ተጠግታ አሸተተችው።

«ኢግናት ሳቬልዬቪች፣ በጠዋቱ ከማን ጋር ነው ብርጭቆ ያነሱት? እኛንስ መጥራት አይገባም ነበር?»

ሰዎቹ ሳቁ። በክፋት አልነበረም። እንዲያውም አየሩ ቀለል አለ፤ የሚያውቁት ነገር ሆኖላቸው።

«የባቡሩ ሰውዬ በእንፋሎት ነው የሚሄደው» አለ የድምፅ ባለሙያው ከመስታወቱ ወዲያ።

«ዛና፣ ተይው» አለ ኮንድራት ፔትሮቪች። ትልቁን እጁን አባቴ ትከሻ ላይ ጣለ። «ስማ ወንድሜ፣ ቤትህ ግባና ተኛ። ነገ ንጹህ ሆነህ ና።»

«አዳራሹ የተያዘልን ለአሥር ቀን ነው» አለች ዛና። «ካልሆነ ከሬዲዮ ሰው ጠርተን በሌላ ድምፅ እንሞላዋለን። እኔ ክፉ ሆኜ አይደለም፣ ደንቡ ነው።»

አባቴ አንገቱን ደፍቶ፣ ወንበር እየገፋ፣ ትንሽ እየተንገዳገደ ወጣ። ከግቢው በር እንዳለፍን መንገዳገዱን ተወው። ቀኝ እግሩ ብቻ በረዶው ላይ ወደ ኋላ ይቀር ነበር። ያኔ አልገባኝም። ዛሬ፣ ስለ ትወና ብዙ የሚዘባርቁ ተቺዎችን ሳነብ፣ ከአርባው ፊልም ሁሉ የሚበልጠው የአባቴ ሥራ ያ መንገዳገድ እንደነበር ልነግራቸው ያምረኛል። ሰባት ሰው ነበር ያየው። ሰባቱም አምነውታል።

ሁለተኛው ቀን እንደዚያው፣ ሦስተኛውም። ጠዋት ብርጭቆ፣ ከዚያ ቀለበት፣ ከዚያ ሳቅ፣ ከዚያ «ነገ ና»። አንዳንዴ ግን ይሳካለት ነበር። በሦስተኛው ቀን ሁለት ሙሉ ቀለበት ጨረሰ። ኮንድራት ፔትሮቪች አጨበጨበ፤ «አያችሁ? ሲነቃ እንዲህ ነው!» አለ። አባቴ ላቡ በጆሮው ሥር ይወርድ ነበር። የጀልባው ላይ ንግግር ግን፣ ያችን አሮጊት ጀልባው ላይ የሚያወጣባት፣ እንቢ አለችው።

በዚያው ሳምንት ነው ትምህርት ቤት የአቅኚ ልጆች ማኅበር ምልክት የሆነውን ቀይ የአንገት ሻርፕ ያሰሩልን። በሰልፍ ቆመን ሐቀኞች ለመሆን፣ ሐሰትን ላለመታገስ ቃል ገባን። እኔ ከማንም አስበልጬ ነው የጮህኩት፤ ገና ያኔ እንዲህ ነበርኩ። በእረፍት ሰዓት እናቷ በስቱዲዮው ምግብ ቤት የምትሠራ ስቬትካ የምትባል ልጅ ሰው ፊት «የአንቺ አባት ሰካራም ነው፤ እናቴ ነግራኛለች፤ ሁሉም እየጠበቁት ነው» አለችኝ። ፀጉሯን ያዝኳት። ለያዩን። ሻርፔ ተቀደደ።

ቤት ለማንም አልተናገርኩም። አልጋዬ ላይ ሆኜ ነገሩን እንደ ዳኛ መረመርኩት። አባቴ አይጠጣም። አንድም ጉንጭ ሲውጥ አይቼ አላውቅም። በየቀኑ ይተፋዋል፤ በዓይኔ አይቻለሁ። ሰዎቹ ስላላዩ ነው እንጂ ቢያውቁ ኖሮ አይስቁበትም ነበር። አባቴ ደግሞ ጨዋ ስለሆነ አይከራከርም። የሚከራከርለት ሰው ያስፈልገዋል።

በአምስተኛው ቀን የተሰፋውን ሻርፕ አድርጌ ሄድኩ።

ቀለበቱ ዞረ። አባቴ «ይግቡ» አለና ቆመ። ዛና ሲጋራዋን አጥፍታ ተነፈሰችና «ኢግናት ሳቬልዬቪች፣ ቢያንስ ለአንድ ቀን ጠርሙሱን ቤት ቢተዉት ምን አለበት?» አለች።

ተነሳሁ። ወንበሩ ሲታጠፍ ጮኸ።

«አባቴ አይጠጣም» አልኩ። ያ ግድግዳ ድምፅ የሚገድል ነበር፤ የእኔ ግን አልሞተም። «አንድም ቀን ጠጥቶ አያውቅም። እናቴ በብርጭቆ ትሰጠዋለች፣ ይጉመጠመጥና ይተፋዋል። ኮሌታው ላይ ደግሞ ትቀባለታለች። በየቀኑ። አይቻለሁ።»

ማንም አልሳቀም።

ዛና እጇን አፏ ላይ አደረገች። የድምፅ ባለሙያው ከመስታወቱ ወዲያ ብድግ አለ። የበጋው አባቴ ግን አልቆመም፤ ማሽኑን ያጠፋው ሰው አልነበረም። ገመዱን ጎተተ፣ ዞር አለ፣ ያለ ድምፅ ተናገረ፤ ገመዱን ጎተተ፣ ዞር አለ። የታኅሣሡ አባቴ አየኝ። በዚያ እይታ ውስጥ ኩራት ያየሁ መሰለኝ። ደረቴን ነፋሁ።

ኮንድራት ፔትሮቪች የአባቴን ክንድ ይዞ ወደ ኮሪደሩ አወጣው። በሩ ወፍራም ነው፤ ምንም አይሰማም። ብዙ ቆዩ። ዛና አጠገቤ መጥታ ተቀመጠችና ሻርፔን አስተካከለችልኝ፤ ዓይኔን ግን አላየችም። ሐቁ ስላሳፈራት ነው ብዬ ደስ አለኝ።

በሩ ሲከፈት የዳይሬክተሩ የመጨረሻ ቃል አብሮ ገባ።

«እሺ» እያለ ነበር። «እንግዲያው ጠጥቶ ነው ብዬ እጽፋለሁ።»

ጆሮዬን ማመን አቃተኝ። አሁን ነግሬው! በሰባት ሰው ፊት ነግሬው! አባቴ ደግሞ አልተከራከረም፤ አንገቱን ነቀነቀ፣ የኮንድራት ፔትሮቪችን ትልቅ እጅ በግራ እጁ ጨበጠ፣ ኮቱን ለበሰ። ያን ሰውዬ የጠላሁት በዚያች ቅጽበት ነው፤ ሌላ ሰው እንደዚያ ጠልቼ አላውቅም።

አባቴ ወደ ምግብ ቤቱ ወሰደኝና ፒሮዥኪ የሚሉትን ጎመን የተሞላ ትኩስ ዳቦ ገዛልኝ። ፊት ለፊቴ ተቀመጠ። ይናደድብኛል ብዬ አላሰብኩም፤ አልተናደደምም። ቀስ ብሎ «ጎበዝ» አለኝ። «እውነት… ተናገርሽ።» ከዚያ ሳህኑ ላይ ወዳለው ጠቆመ።

«ታስያ፣ ይሄ ምንድን ነው?»

ያን ቀን ሻርፕ ያደረግሁ ትልቅ ሰው ነበርኩ። ለሕፃን ጨዋታ ጊዜ አልነበረኝም።

«አንተ ራስህ ታውቀዋለህ» አልኩት።

ሳህኑን ብዙ አየው።

ድምፁን አንድ የሬዲዮ ሰው ሞላው። ፊልሙ በግንቦት ሲመረቅ አባቴ ጥቁር ሱፉን ለብሶ፣ እናቴ ክንዱን ይዛው፣ መካከለኛው ረድፍ ላይ ተቀመጥን። ጀልበኛው አፉን ከፈተና የማላውቀው ሰው ተናገረ። ጥልቅ፣ የሚያምር፣ ዜና የሚያነብ ድምፅ። «ይግቡ እማማ። እጅዎን ይስጡኝ።» ልክ አፉ ላይ አረፈ። ከኋላችን ሰው አለቀሰ። መብራት ሲበራ አንዲት ሴትዮ የአባቴ ሥዕል ያለበት ፖስትካርድ ይዛ መጣች። «ድምፅዎ ብቻ…» አለችው፤ «ድምፅዎ ልብ ይሰብራል።» አባቴ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሳ። መልስ ስትጠብቅ ቆየች። ከዚያ ሳቅ ብላ ለእናቴ «ይገባኛል፤ ለደስታው ትንሽ ቀምሰዋል» አለቻት።

«ትንሽ» አለች እናቴ።

ከሁለት ዓመት በኋላ ሞተ፤ በዚህ ጊዜ ለእራት አልመጣም። ቀብሩ ላይ የሙያ ጓደኞቹ በየተራ ብርጭቆ እያነሱ ጥሩ ሰው እንደነበረ፣ መጠጡ ባይገድለው የት ይደርስ እንደነበር ተናገሩ። እናቴ ለሁሉም እየቀዳች አመሰገነች። እኔ የአሥራ አንድ ዓመት ልጅ፣ ጥርሴን ነክሼ ኮንድራት ፔትሮቪችን እመለከት ነበር። እሱ ብርጭቆ አላነሳም፤ በሩ ጋ ባርኔጣውን ይዞ ቆሞ ነበር። ጥፋተኛነቱን ስላወቀ ነው ብዬ ነው የተረጎምኩት።

በሃያ አምስት ዓመቴ ሁሉም ነገር የሚጻፍበት ጊዜ መጣ። በየሳምንቱ አንድ የተቀበረ ነገር ይወጣል፤ ጋዜጣ ለመግዛት ሰው በሌሊት ይሰለፋል። እኔም ጻፍኩ። ስሜን ያስጠራው የመጀመሪያው ጽሑፌ ያ ነው። የማይጠጣን ሰው በሰካራምነት ወንጅሎ ድምፁን ስለነጠቀ ዳይሬክተር ጻፍኩ፤ ስሙን ጠራሁ፤ «እሺ» ያለውን ሳይቀር ጠቀስኩ፣ የልበ ደረቅነቱ ማስረጃ አድርጌ። አርታኢዬ «እጅሽ ይባረክ» አለኝ። ሦስት መቶ ደብዳቤ መጣልኝ። ኮንድራት ፔትሮቪች ያኔ ጡረታ ወጥቶ ወጣቶችን ያስተምር ነበር፤ ተማሪዎቹ ክፍሉን ጥለው ወጡ። መልስ አልጻፈም። መልስ ስላጣ ነው ብዬ ያንንም ጻፍኩ።

እናቴ ጋዜጣውን ወጥ ቤት ውስጥ፣ መነጽሯን አድርጋ፣ እስከ መጨረሻው አነበበች። አጠፈችው።

«አባትሽን ስትሮክ መቶት ነበር» አለች። «በመስከረም፣ ትንሹ። ቃላቱን ወሰደበት። ለማንም እንዳልናገር አስማለኝ።»

«ታዲያ ለምን ቮድካ…»

«ሰካራምን ይጠብቁታላ። ዛሬ ሰክሯል፣ ነገ ይነቃል፤ እየሳቁ ይጠብቁታል፣ ደግሞም ይጠሩታል። በሽተኛ ብለው አንዴ ከጻፉህ ግን አበቃ፤ አበባ ያመጡልሃል እንጂ ሥራ አያመጡልህም። አሥር ቀን ነበረን። እኔና እሱ ቃላቱን እየመለስናቸው ነበር። የቀረን አምስት ቀን ይበቃን እንደነበር እንጃ። አይበቃንም ይሆናል።»

«ኮንድራት ፔትሮቪችስ?»

«አንቺ ከነገርሻቸው በኋላ ምን ያድርግ? ኮሪደሩ ላይ አለቀሰ። ሐኪም ቤት ልውሰድህ፣ ማረፊያ ላፈላልግልህ፣ ጡረታ ልጨርስልህ አለው። ኢግናት አንድ ነገር ብቻ ለመነው፤ ያቺን ዓረፍተ ነገር ሳይደናቀፍ ነው የተናገራት፤ ኮንድራት ራሱ ነው የነገረኝ። ጠጥቶ ነው በሉ አለው።»

እሺ። ሰው ለክስ እሺ አይልም፤ እሺ የሚባለው ለልመና ነው። አሥራ ስድስት ዓመት ሙሉ ያችን ቃል ጆሮዬ ውስጥ ይዤ ስዞር፣ በጋዜጣ ሳትማት፣ አንድም ቀን አልሰማኋትም።

በማግሥቱ ወደ ኮንድራት ፔትሮቪች ቤት ሄድኩ። በሩን ሚስቱ ከፈተችልኝ። ማን እንደሆንኩ ስነግራት፣ ተኝቷል አለችኝ፤ በሩንም ቀስ ብላ፣ ጨዋ ሰው እንደሚዘጋው ዘጋችው። በዚያው ዓመት ሞተ። ማስተባበያ ልጽፍ ብዙ ጊዜ ተቀመጥኩ። እሱ ንጹህ ነው ለማለት አባቴ ታሞ ነበር ማለት ነበረብኝ። ሁለቱ ሰዎች ኮሪደር ላይ የተጨባበጡበትን ነገር እንደገና፣ በሚሊዮን ሰው ፊት፣ ከወንበሬ ተነስቼ መናገር ማለት ነው። አልጻፍኩትም። ስለሌላው ሁሉ ጮህኩ። ይህን ጽሑፍም ስሞቹን ለውጬ ነው የጻፍኩት፤ እንዲህም ሆኖ ጆሮዬ ላይ የዚያ ወንበር ድምፅ ይሰማኛል።

ስልኩ ጠራ። የመዝገበ ዕውቀቱ አርታኢ ነው፤ ድምፁ ገና የልጅ።

«ገጹን ዛሬ ወደ ማተሚያ ቤት እንልካለን» አለ። «ሲዝራንን አስተካክያለሁ። ሌላ አለ?»

«ሌላ የለም።»

ስልኩን ግን አልዘጋም። «ይቅርታ ያድርጉልኝ፣ የመጨረሻው መስመር… ለቤተሰብ ደስ እንደማይል ይገባኛል። እኔ ራሴ ምንጩን ፈልጌ አላገኘሁም፤ ከአንድ የስቱዲዮ ማስታወሻ በቀር። ስለ እርስዎ የድሮ ጽሑፍም ሰምቻለሁ። እውነት ካልሆነ አሁኑኑ አወጣዋለሁ። አባትዎ ይጠጡ ነበር?»

መስኮቱ ላይ በረዶ ይወርዳል። ምድጃው ላይ የተጣደው ነገር መፍላት ጀምሯል።

«አዎ፣ ልጄ» አልኩት። «በጣም ይጠጣ ነበር።»